ፊልሙን መጀመሪያ ያየው ማን ነው? የፊልም ጸሐፊ ሥራና የአተራረክ ስልት

ሐዋሳ ውስጥ ማታ ተከታታይ ድራማ በሚታይባቸው ካፌዎች አንዱ ክፍል ሲያልቅ ክርክር ይጀመራል። «እንዴት ተመልሳ ወደ እሱ ትሄዳለች?» ይላል አንዱ። «አባትየው እንዳልሞተ እኔ ከመጀመሪያውም ጠርጥሬ ነበር» ይላል ሌላው። ተዋናይቱ ትመሰገናለች ወይም ትወቀሳለች፤ አልፎ አልፎ ዳይሬክተሩም ይነሣል። ሴትዮዋን ወደዚያ ሰው የመለሳት፣ የአባትየውን በሕይወት መኖር ለሳምንታት ደብቆ ያቆየው ሰው ግን ስሙ አይጠራም።

ይህ ሰው የፊልም ጸሐፊው ነው። በፊልሞቻችን መግቢያ ላይ ብዙ ጊዜ «ደራሲ» ተብሎ ይጻፋል። በስልካቸው ካሜራ አጭር ፊልም መሥራት የጀመሩ ወጣቶች በበዙበት በዚህ ጊዜ ስለ ካሜራና ስለ ቅንብር ብዙ ይወራል፣ ስለ ጽሑፉ ግን እምብዛም። ስለዚህ ጸሐፊው በእርግጥ ምን እንደሚሠራ፣ ስልቱ በምን እንደሚለይ፣ መብቱስ የት ድረስ እንደሆነ ከሥሩ ጀምሮ ማየት ይጠቅማል።

ጸሐፊው የሚጽፈው ንግግሩን አይደለም እንዴ?

ንግግሩንም ይጽፋል፤ ነገር ግን ንግግሩ የሥራው አንድ ክፍል ብቻ ነው። ስክሪፕት ማለት ተመልካቹ የሚያየውንና የሚሰማውን ሁሉ፣ በሚያይበትና በሚሰማበት ቅደም ተከተል ያሰፈረ ጽሑፍ ነው። በትዕይንት ይከፋፈላል። ቦታው ወይም ጊዜው በተለወጠ ቁጥር አዲስ ትዕይንት ይጀምራል፤ አናቱ ላይ ውጭ ወይም ውስጥ መሆኑ፣ ቦታውና ሰዓቱ ይጻፋል። ከሥሩ ድርጊቱ ይቀጥላል፣ ከዚያም የገጸ ባሕርያቱ ቃለ ተውኔት፣ ማለትም ንግግራቸው።

ልብ ወለድ የሚጽፍ ሰው እንዲህ ማለት ይችላል፦ «ማቲዎስ ከአባቱ ጋር ከተኳረፈ ሦስት ዓመት ሆኖታል። ጸጸቱ ቢያንገበግበውም ኩራቱ አላስቀርብ ብሎታል።» አንባቢ ይህን አንብቦ ይረዳል። ካሜራ ግን ጸጸትን ማንሣት አይችልም፤ ሦስት ዓመትም በዓይን አይታይም። የፊልም ጸሐፊው ያንኑ ሐሳብ ወደሚታይ ነገር መለወጥ አለበት። ለምሳሌ እንዲህ፦

ትዕይንት 1። ውጭ። አሞራ ገደል፣ የዓሣ ገበያው ዳርቻ። ማለዳ።

ጀልባዎች ወደ ዳር እየቀረቡ ነው። አንድ ሽማግሌ መረቡን ብቻውን ይጎትታል። ማቲዎስ (25) ከዛፍ ሥር ቆሞ ያየዋል። አንድ እርምጃ ይራመድና ይቆማል። አንድ ታዳጊ ሮጦ የመረቡን ጫፍ ለሽማግሌው ይይዝለታል። ሽማግሌው ቀና ሲል ዓይኑ ከማቲዎስ ጋር ይጋጠማል። ወደ መረቡ ይመለሳል።

ሽማግሌው (ለታዳጊው)፦ «ጎሽ። ቆሞ በማየት ዓሣ አይወጣም።»

በዚህ ትዕይንት ማንም «ተኳርፈናል» አላለም። ማንም አባት ወይም ልጅ ተብሎ አልተጠራም። ግን በመካከላቸው አንድ ነገር እንዳለ፣ ንግግሩም ለታዳጊው ተነግሮ ለማቲዎስ እንደታሰበ እንረዳለን። በአሽሙር መናገር በምናውቅበት አገር ይህን ለመረዳት አስረጂ አያስፈልግም። የተቀየመችውን ልጇን ይቅር ያለች እናት «ይቅር ብዬሃለሁ» ላትል ትችላለች፤ «ምሳ በልተሃል?» ትለዋለች፣ እሱም ይገባዋል። ጥሩ የፊልም ጸሐፊ ይህን ከቃሉ ጀርባ ያለ ንግግር ይጽፋል። ገጸ ባሕርያቱ የሚሰማቸውን ሁሉ በቀጥታ የሚናገሩበት ስክሪፕት ለተመልካቹ የሚተውለት ሥራ የለም፤ ብዙዎቹ ፊልሞቻችን የሚያሰለቹትም በዚህ ይመስለኛል።

ከዚህ በኋላ ዳይሬክተሩ፣ ተዋናዩ፣ የካሜራ ባለሙያው፣ ኤዲተሩ ሁሉ የየራሳቸውን ይጨምራሉ፤ ይለውጣሉም። የስክሪፕቱን ቦታ ለመረዳት በሐዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክ የሚሰፋ ሸሚዝን ማሰብ ይቻላል። ጨርቁ ከመቆረጡ በፊት ቅዱ ይዘጋጃል። ሸሚዙን የሚገዛው ሰው ቅዱን በዓይኑ አያየውም፤ የሚያደንቀው ጨርቁንና ስፌቱን ነው። የቅዱ ትከሻ ከጠበበ ግን የቱንም ያህል የሠለጠነ እጅ ቢሰፋው ሸሚዙ ይይዛል።

አንድ ፊልም ስንት ገጽ ነው?

በዓለም ዙሪያ የሚሠራበት ግምት አንድ ገጽ ስክሪፕት ወደ አንድ ደቂቃ ፊልም ይሆናል የሚል ነው፤ ስለዚህ የሙሉ ፊልም ስክሪፕት ብዙውን ጊዜ ከ90 እስከ 120 ገጽ ይደርሳል። ይህ ግምት የተለካው ግን በላቲን ፊደልና በአንድ በተወሰነ የጽሕፈት መኪና ዓይነት ፊደል ነው። የአማርኛ ፊደል ተነባቢውንና አናባቢውን በአንድ ምልክት ስለሚይዝ ገጹ ብዙ ቃል ይችላል። በአማርኛ የሚጽፍ ሰው ገጽ ከሚቆጥር ይልቅ ሰዓት ይዞ ትዕይንቱን ድምፁን ከፍ አድርጎ ቢያነበው፣ ድርጊቱንም በልቡ እየሠራ ቢለካው፣ ወደ እውነቱ ይቀርባል።

ጽሑፉ ራሱ በአንድ ጊዜ አይወጣም። መጀመሪያ ታሪኩ በአንድ ወይም በሁለት ዓረፍተ ነገር ይቀመጣል፦ ማን፣ ምን ይፈልጋል፣ ምን ያግደዋል። ቀጥሎ ሲኖፕሲስ ይመጣል፤ ይህ ታሪኩን እስከ ፍጻሜው በአንድ ወይም በጥቂት ገጾች የሚያሳጥር ነው። ፍጻሜውን «ለማጓጓት» ብሎ ሲኖፕሲስ ውስጥ መደበቅ የጀማሪዎች የተለመደ ስሕተት ነው፤ ፕሮዲውሰሩ ገንዘቡን የሚያወጣበትን ታሪክ መጨረሻ ማወቅ አለበት። ከዚያ ትሪትመንት የሚባለው፣ ትዕይንቶቹን በተራ የሚዘረዝረው ጽሑፍ ይከተላል። ሙሉው ስክሪፕት ከዚህ በኋላ ይጻፋል፣ ይፈርሳል፣ እንደገና ይጻፋል። በመጨረሻው ረቂቅ ውስጥ ከመጀመሪያው ረቂቅ የተረፈ ንግግር ጥቂት መሆኑ ጸሐፊውን ሊያስደነግጠው አይገባም።

«የአተራረክ ስልት» ሲባል ምን ማለት ነው?

ይህ ከሁሉም በላይ በደንብ የማይብራራ ጉዳይ ስለሆነ ሰፋ አድርጌ ልሂድበት። ብዙ ሰው ስልት ሲባል የቋንቋ ውበት ይመስለዋል። በፊልም ጽሑፍ ግን የስልት ዋናው ጥያቄ ይህ ነው፦ ተመልካቹ ምኑን፣ መቼ ይወቅ?

አንድ ታሪክ እንውሰድ። በሐዋሳ አንድ የባጃጅ ሾፌር ተሳፋሪ የረሳውን ቦርሳ ያገኛል። ውስጡ ብዙ ብር አለ። እናቱ ታመው ለሕክምና ገንዘብ ይፈልጋሉ።

አንዱ ጸሐፊ ከሾፌሩ ጋር ይጀምራል። ከእሱ ጋር ሆነን ከአቶቴ እስከ ፒያሳ እንመላለሳለን፤ እናቱን እናያለን፤ ቦርሳውን እሱ ሲያገኘው እኛም እናገኘዋለን። ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ የእሱ ጭንቀት የእኛ ይሆናል፤ ከእሱ የምንበልጠው እውቀት የለንም። የምንጠይቀው ጥያቄ «ምን ያደርግ ይሆን?» የሚል ነው።

ሁለተኛው ጸሐፊ ከሾፌሩ አይጀምርም። መጀመሪያ የሚያሳየን ከገጠር የመጡ አንድ አዛውንት በሬያቸውንና መሬታቸውን ሸጠው፣ የታሰረ ልጃቸውን በዋስ ለማስፈታት ብሩን በቦርሳ ሲይዙ ነው። ቦርሳውን ባጃጁ ላይ ሲረሱት እናያለን። ቀጥሎ ሾፌሩ ቦርሳውን ከፍቶ «ተመስገን! እማዬ ዳነች!» ብሎ ሲያለቅስ ደስታው ያስጨንቀናል፣ ምክንያቱም እሱ የማያውቀውን እናውቃለን። እዚህ የሾፌሩ ክፋት ወይም ደግነት አልተጨመረም፣ አልተቀነሰም። የተለወጠው ሁለት ትዕይንቶች የተቀመጡበት ቦታ ብቻ ነው።

ሦስተኛው ጸሐፊ ደግሞ ከዓመታት በኋላ ይጀምራል። ሾፌሩ አሁን የራሱ ሁለት ባጃጆች አሉት። ከገብርኤል አደባባይ አጠገብ አንድ አዛውንት ሲያይ ፊቱን ያዞራል፤ ተሳፋሪ ይጠብቅበት የነበረውን ቦታ ለቆ ይሄዳል። ለምን እንደሆነ አናውቅም። ከዚያ በምልሰት፣ ማለትም ታሪኩ ወደ ኋላ እየተመለሰ፣ ቀስ በቀስ እንረዳለን። አሁን ጥያቄው «ምን ያደርግ ይሆን?» መሆኑ ቀርቶ «ምን አድርጎ ነው? ከዚህስ ጋር እንዴት ይኖራል?» ሆኗል።

ታሪኩ አንድ ነው፤ ፊልሞቹ ግን ሦስት ናቸው። አንድ ጸሐፊ በተከታታይ ሥራዎቹ ከእነዚህ መንገዶች ወደ አንዱ አዘውትሮ ሲያዘነብል፣ ስልቱ ይህ ነው እንላለን። ሌሎች ምልክቶችም አሉ። ታሪኩን ከማን ጎን ቆሞ ያያል? ትዕይንቱን ጠብ ከመጀመሩ በፊት ይከፍተዋል ወይስ መሐሉ ላይ? ገጸ ባሕርያቱ ይናገራሉ ወይስ ይሠራሉ? በተከታታይ ድራማ ላይ ሌላ ግዴታ ይጨመራል፦ እያንዳንዱ ክፍል ተመልካቹን ለሚቀጥለው ሳምንት በሚያስመልስ ጥያቄ ማለቅ አለበት። ይህ ግዴታ ጸሐፊውን ምስጢር ወደ መደበቅና ወደ ማዘግየት ይገፋዋል፤ ከላይ ያልኩት አባትየው «ከሞት የተነሣው» ብዙውን ጊዜ በዚህ ግፊት ነው።

በእውነተኛ ሥራ ላይ ይህ እንዴት ይታያል?

ለኢትዮጵያ ተመልካች ይበልጥ ቅርብ የሆነው ምሳሌ የፊልም ጸሐፊና ዳይሬክተሩ ኃይሌ ገሪማ ነው። እ.ኤ.አ. በ1946 ጎንደር ተወለደ። አባቱ ተውኔት ጸሐፊ ስለነበሩ ወደ ድርሰት የገባው በመድረክ በኩል ነው። እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ መጨረሻ ወደ አሜሪካ ሄዶ መጀመሪያ ቺካጎ ቴአትር፣ በኋላም ሎስ አንጀለስ በሚገኘው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም ተማረ። ከዚያ በኋላ ለረጅም ዓመታት ዋሽንግተን በሚገኘው ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ አስተምሯል። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» የተባለውን በአማርኛ የተሠራ ጥቁርና ነጭ ፊልም የቀረጸው እ.ኤ.አ. በ1974፣ አብዮቱ በፈነዳበት ዓመት፣ እዚሁ አገር ቤት ነው። ስለ ጭሰኛ ቤተሰብና ስለ ባላባት የሚናገር ሲሆን፣ የገበሬውን ድካም በጥድፊያ አያልፈውም፤ ሥራው የሚፈጀውን ጊዜ ተመልካቹም አብሮ እንዲያሳልፍ ያደርገዋል።

የስልቱ ነገር ጎልቶ የሚወጣው ግን እ.ኤ.አ. በ2008 ባወጣው «ጤዛ» ላይ ነው። ዋናው ገጸ ባሕርይ አንበርብር ጀርመን አገር ሕክምና ተምሮ በደርግ የመጨረሻ ዓመታት ወደ ተወለደበት መንደር የተመለሰ ሰው ነው። አንድ እግሩ የለም። ትዝታውም ተበጣጥሷል። ጸሐፊው እግሩን እንዴት እንዳጣ መጀመሪያ ላይ ቢነግረን ኖሮ ለሰውዬው አዝነን እንቀመጥ ነበር። አልነገረንም። የእናቱን ቤት፣ ለጦርነት እንዳይታፈሱ ዋሻ የሚደበቁትን የመንደሩን ልጆች፣ በጀርመን የነበሩትን የተማሪዎች ክርክር፣ የአዲስ አበባውን የፍርሃት ዘመን፣ አንበርብር በሚያስታውስበት ቅደም ተከተል ከወዲያ ወዲህ እየወሰደ አሳየን። ስለ እግሩ እውነቱን የምናውቀው ዘግይተን ነው፤ ስናውቀውም አንድ ሰው ላይ የደረሰ አደጋ ብቻ አይሆንብንም፤ ሕልሙን ይዞ ከአገሩ የወጣ ትውልድ ምን እንደገጠመው አብረን እናየዋለን። ከላይ በባጃጁ ምሳሌ ሦስተኛ ያልኩት መንገድ ይህ ነው፣ እጅግ በረቀቀ እጅ። ፊልሙ በዚያው ዓመት በቬኒስ ፊልም ፌስቲቫል የዳኞችን ልዩ ሽልማትና የምርጥ ፊልም ድርሰት ሽልማት አገኘ። ሁለተኛው ሽልማት የተሰጠው ለጽሑፉ መሆኑን ልብ ማለት ይገባል። በቀጣዩ ዓመት፣ 2009፣ ቡርኪና ፋሶ በሚካሄደው የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ፌስፓኮ ዋናውን ሽልማት ወሰደ።

የኃይሌ የሙያ ጉዞ ሌላም ነገር ያስረዳል። እ.ኤ.አ. በ1993 ስለ ባርነት የሠራውን «ሳንኮፋ» አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍልለት ድርጅት ሲያጣ፣ እሱና ባልደረቦቹ አዳራሽ እየተከራዩ ከከተማ ከተማ ዞረው አሳዩት። በ«ጤዛ» ጊዜም ገንዘቡን ለማሰባሰብ ረጅም ዓመታት ፈጅቶበታል። የሚጽፈው ራሱ፣ የሚያዘጋጀው ራሱ፣ የሚያሳየውም ራሱ የሆነው በፍላጎት ብቻ አይደለም፤ የሚጽፈውን ዓይነት ታሪክ ገዝቶ የሚሠራለት ስላልነበረ ነው። በአገራችንም ብዙ ጸሐፊዎች ዳይሬክተር የሚሆኑት ከዚህ በማይለይ ምክንያት ነው።

ሁሉም ጸሐፊ ጊዜን አይበጣጥስም። እ.ኤ.አ. በ2014 የወጣው የዘረሰናይ ብርሃነ «ድፍረት» በተቃራኒው ወደ ፊት ብቻ ይሄዳል፦ ልጅቱ ትጠለፋለች፣ ጠላፊዋን ትገድላለች፣ ጠበቃ ይቆምላታል፣ ችሎቱ ይቀጥላል። የፍርድ ቤት ታሪክ ጉልበቱ «ምን ይፈረድ ይሆን?» በሚለው ላይ ስለሆነ ቅደም ተከተሉን መጠበቁ ተገቢ ነው። ፊልሙ በአርሲ በደረሰ እውነተኛ ታሪክ ላይ የተመሠረተ ሲሆን፣ በአሜሪካው ሰንዳንስ ፊልም ፌስቲቫል የተመልካቾችን ሽልማት ካገኘ በኋላ አዲስ አበባ በብሔራዊ ቴአትር ሊመረቅ ሲል በፍርድ ቤት እግድ ቆሞ ነበር። በሕይወት ያሉ ሰዎችን ታሪክ የሚጽፍ ሰው ከባለታሪኮቹ ጋር ያለውን ስምምነት ከመጀመሪያው በጽሑፍ መጨረስ ያለበት ለዚህ ነው።

ታሪኬን ቢወስዱብኝስ?

ጀማሪ ጸሐፊዎችን ከሁሉ በላይ የሚያስፈራቸው ይህ ነው፤ ስለዚህ ሕጉን በግልጽ ማወቅ ያስፈልጋል። የሚመለከተው የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ነው፤ በአዋጅ ቁጥር 872/2007 ተሻሽሏል። ሁለት ነገሮችን አጥብቆ መያዝ ይገባል።

የመጀመሪያው፣ ሕጉ ሐሳብን አይጠብቅም። «ቦርሳ ስላገኘ የባጃጅ ሾፌር ፊልም ልሠራ ነው» ብላችሁ ለጓደኛችሁ ብትነግሩትና እሱ ቀድሞ ቢሠራው፣ ሐሳቡ የእናንተ ብቻ ነው ማለት አትችሉም። የሚጠበቀው ሐሳቡ የተገለጠበት መንገድ ነው፦ የተጻፉት ትዕይንቶች፣ የገጸ ባሕርያቱ አቀራረጽ፣ ቃለ ተውኔቱ። ሁለተኛው፣ ወጥ የሆነ ሥራ በጽሑፍ ወይም በሌላ መንገድ ከተቀረጸበት ጊዜ አንሥቶ ያለ ምንም ምዝገባ ጥበቃ ያገኛል። በኢትዮጵያ አእምሯዊ ንብረት ባለሥልጣን ማስመዝገብ መብቱን አይፈጥረውም፤ ክርክር ሲነሣ ግን ሥራው በዚህ ቀን በእጄ ነበር ለማለት ጠንካራ ማስረጃ ይሆናል። ስለዚህ ለሰው ከመንገር በፊት መጻፍ፣ ለፕሮዲውሰር ከመስጠት በፊት ማስመዝገብ የሚለው ቅደም ተከተል ይበጃል።

ጸሐፊው ሁለት ዓይነት መብት አለው። የኢኮኖሚ መብቱ የመሸጥ፣ የማከራየት፣ እንዲታይ የመፍቀድ መብት ነው፤ ለሌላ ሊተላለፍ ይችላል፤ እንደ ደንቡ በደራሲው ዕድሜና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ይቆያል። የሞራል መብቱ ደግሞ በሥራው ላይ ስሙ እንዲጠቀስ የመጠየቅ፣ ክብሩን በሚነካ መንገድ ሥራው ሲዛባ የመቃወም መብት ነው፤ ስክሪፕቱን ሸጦ ገንዘቡን ቢበላም ይህ መብቱ አብሮት ይኖራል። «ከፍለንሃል፣ ስምህ አይወጣም» የሚል መልስ የተሰጠው ጸሐፊ ይህን አንቀጽ ሊያውቀው ይገባል።

ውል ሲፈረም ደግሞ የገንዘቡ መጠን ብቻ ሲታይ የሚረሱ ጥያቄዎች አሉ። ክፍያው መቼ መቼ ይፈጸማል? ስንት ጊዜ አሻሽሎ ለመጻፍ ይገደዳል? ሌላ ጸሐፊ ቢጨመር ስማቸው እንዴት ይቀመጣል? ፊልሙ ከሲኒማ በኋላ በቴሌቪዥን ወይም በዩቲዩብ ቢታይ፣ ወደ ተከታታይ ድራማ ቢለወጥ፣ ወደ ሌላ ቋንቋ ቢመለስስ? በአብዛኛው ጸብ የሚነሣው ፊልሙ ሲከስር ሳይሆን ሲሳካ ነው፤ ያልተጻፉት ጥያቄዎች ያን ጊዜ ይመጣሉ።

ኮምፒውተሩ መጻፍ ከጀመረ ጸሐፊ ለምን ያስፈልጋል?

ይህ ጥያቄ በአሜሪካ ሥራ ካስቆሙት ጉዳዮች አንዱ ነበር። የፊልምና የቴሌቪዥን ጸሐፊዎች ማኅበር አባላት እ.ኤ.አ. ከግንቦት 2 ቀን 2023 ጀምሮ ለ148 ቀናት ሥራ አቁመው ነበር። በስምምነቱ መጨረሻ፣ በዚያ ውል ሥር በሚሠሩ ሥራዎች ላይ በሰው ሠራሽ አስተውሎት የወጣ ጽሑፍ እንደ ጸሐፊ ሥራ እንዳይቆጠርና የጸሐፊውን ስምና ክፍያ ለመቀነስ እንዳይውል ተወሰነ። እኛ ዘንድ እንዲህ ያለ የጋራ ውል ስለሌለ ጥያቄው በእያንዳንዱ ጸሐፊ ውል ውስጥ መመለስ አለበት። ስለ ጥራቱ ግን አንድ ነገር ማለት ይቻላል፦ መሣሪያው ብዙ ጊዜ የተነገረውን መድገም ይቀለዋል። በአሞራ ገደል ማለዳ ማን ለማን ቀድሞ ሰላምታ እንደሚሰጥ፣ የትኛው ዝምታ ቂም እንደሆነ ያየው ግን እዚያ የቆመው ሰው ነው።

ከሐዋሳ ሆኖ በዚህ ሙያ መኖር ይቻላል?

ከባድ ነው። ፕሮዲውሰሮቹና የቴሌቪዥን ጣቢያዎቹ በብዛት ያሉት 275 ኪሎ ሜትር ርቆ በአዲስ አበባ ነው፤ በስክሪፕት ብቻ የሚተዳደር ሰው እዚያም ጥቂት ነው። ብዙዎች በማስተማር፣ በማስታወቂያ ጽሑፍ ወይም በሬዲዮ ድራማ ይደጉማሉ። የሬዲዮ ድራማ በተለይ ጥሩ መለማመጃ ነው፤ ምስል የሌለበት ታሪክ ለቃለ ተውኔት ምሕረት ስለሌለው ደካማው ንግግር ወዲያው ይጋለጣል።

ግን መጻፍ ራሱ ቦታ አይመርጥም፤ ሐዋሳም ለጸሐፊ የምትሰጠው ነገር አላት። በአንድ ገበያ ሲዳምኛ፣ አማርኛና ወላይትኛ ይሰማል። ሻጯ ከደንበኛዋ ጋር በአማርኛ ስትከራከር ቆይታ ወደ እህቷ ዞራ በሲዳምኛ የምትናገረው ነገር ለፊልም ጸሐፊ ትልቅ ስጦታ ነው፦ ተመልካቹ የትርጉም ጽሑፍ ይታየው ወይስ እንደ ደንበኛው ሳይገባው ይቅር? እንግዲህ ይኸው ያው «ምኑን፣ መቼ ይወቅ?» የሚለው ጥያቄ ነው። በስክሪፕቱ ላይ እያንዳንዱ ንግግር በየትኛው ቋንቋ እንደሚነገርና ትርጉም እንደሚሰጠው ወይም እንደማይሰጠው በግልጽ መጻፍ አለበት፤ ለዳይሬክተሩ የሚተው ጉዳይ አይደለም።

ለመጀመር ሙሉ ፊልም መጻፍ አያስፈልግም። በሁለት ቦታዎችና በሦስት ሰዎች የሚያልቅ፣ ከአሥር ገጽ ያልበለጠ ስክሪፕት በስልክ ካሜራ ሊቀረጽ ይችላል፤ ጸሐፊውም የጻፈው ነገር በሰው አፍ ሲነገር የትኛው እንደሚሰናከል በዚያው ቀን ያያል። ለፕሮዲውሰር የሚላከው ግን ያ አጭር ፊልምና የአዲሱ ታሪክ ሲኖፕሲስ ነው፤ ሙሉው ስክሪፕት የሚሰጠው ሲጠየቅ፣ ከተመዘገበ በኋላ ነው። የላካችሁበትን ኢሜይልና የመጣላችሁን መልስ አታጥፉ፤ ቀኑንና የተቀባዩን ማንነት የሚያሳይ ማስረጃችሁ እሱ ነው።